ስለ «ዚምብ» ሲጻፍ የሚደጋገሙ ስህተቶች

የቆዩ የእንግሊዝኛ መዛግብተ ቃላት «ዚምብ» የሚል ቃል አላቸው። እ.ኤ.አ. የ1913ቱ ዌብስተር፣ በአቢሲኒያ የሚገኝ፣ የጸጸ ዝንብ ዘመድ የሆነ፣ ከብት የሚጨርስ መርዘኛ ዝንብ ነው ይላል።

የመጀመሪያውና የሚያናድደኝ ስህተት ይህን እንዳለ መገልበጥ ነው። ወገኖቼ፣ ቃሉ እኮ የራሳችን «ዝንብ» ነው! ወጥ ላይ የሚያርፈውም፣ በሬ የሚነክሰውም ዝንብ ነው። ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ በ1769 በምጽዋ በኩል ገብቶ፣ ያየ የሰማውን በ1790 ሲያሳትም (ሁለቱም እ.ኤ.አ.) ቃሉን በጆሮው እንደሰማው ጻፈው፤ እኛም ብንሆን «ዝንብ» ብለን ጽፈን «ዝምብ» ነው የምንለው። የወል ስሙ በአንባቢዎቹ ዘንድ የአንድ ልዩ ዝርያ መጠሪያ ሆኖ ቀረ። በቅርቡ አንድ ረቂቅ ሳርም «ዚምብ የተባለው የአገራችን ብርቅዬ ነፍሳት» የሚል አገኘሁ። ጸሐፊው ከብት ሲጠብቅ ያደገ የጎንደር ልጅ ነው! የውጭ መጽሐፍ ሲያዩ የገዛ ጆሮን መጠራጠር ምን ይሉታል?

«ከዓረብኛ የመጣ ነው»፣ «ከዕብራይስጥ የተወሰደ ነው» አትበሉ። የዓረብኛው ዙባብ፣ የዕብራይስጡ ዜቡብ፣ የአካድኛው ዙምቡና የእኛው ዝንብ የአንድ ሴማዊ ቤት ልጆች ናቸው።

ጸጸ ነው ማለትም አያስኬድም። ገንዲ የተባለውን የከብት በሽታ የሚያስተላልፈው ጸጸ የወንዝ ዳር ጥላና ቁጥቋጦ ወዳጅ ነው፤ ዓመቱን ሙሉም ከቦታው አይጠፋም። የብሩስ ዝንብ ግን ከክረምቱ ዝናብ ጋር በጥቁር አፈር ላይ የሚነሳ ነው። ከንብ ጥቂት ተለቅ ይላል፤ ክንፉ ነጠብጣብ የለውም፤ አፉ ጫፍ ላይ ጠንካራ ሹል ፀጉር አለው። ድምፁ ሲሰማ ከብቱ ግጦሹን ትቶ ሜዳ ለሜዳ ይሮጣል፤ እረኞቹም መንጋውን በዛሬዋ ሱዳን ወዳለው የአትባራ አሸዋ ይዘው ይወርዳሉ፤ ዝናቡ እስኪያባራም እዚያው ይቆያሉ። ይህ ጠባይ ለእኔ የፈረስ ዝንብ ጠባይ ነው። ደም የምትመጠው ደግሞ ሴቷ ብቻ ናት፤ ወንዱ የአበባ ወለላ ይቀስማል።

ብሩስ ይህንኑ ዝንብ በኢሳይያስ 7፥18 ከተጠራው ዝንብ ጋር አገናኝቶታል። ግምቱ የእሱ ስለሆነ በእሱ ስም ጻፉት፤ ጥቅሱ ስለ ዝንቡ የሚለው በግብፅ ወንዞች ዳር ያለ መሆኑን ብቻ ነው።