ከስመ ጥር ባንድ መሪ ጋር የጃዝ አልበም ለሚቀዳ ድምፃዊ

አሜሪካዊቷ የጃዝ ድምፃዊት ኤላ ፊትዝጀራልድ እ.ኤ.አ. በ1957 የባንድ መሪውን የዱክ ኤሊንግተንን ዜማዎች ከራሱ ኦርኬስትራ ጋር ልትቀዳ ኒው ዮርክ ስቱዲዮ ስትገባ አብዛኛው ቅንብር ገና አልተጻፈም ነበር። ፕሮዲውሰሩ ኖርማን ግራንዝ በዚህ ጉዳይ በኋላ ምሬቱን አልሸሸገም። አልበሙ ያማረው ኤላ ኤላ ስለሆነች፣ ኦርኬስትራውም እነዚያን ዜማዎች በእንቅልፉ የሚጫወት ስለነበረ ነው። ሌላ ሰው በዚህ መንገድ ገብቶ በሰላም ይወጣል ማለት ዘበት ነው።

ከዚያ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ ድምፃዊት ሮዝመሪ ክሉኒ ከዚሁ ኤሊንግተን ጋር ስትሠራ ነገሩ ሌላ ነበር። ነፍሰ ጡር ስለነበረች ካሊፎርኒያን ለቅቃ መሄድ አልቻለችም። የኤሊንግተን አቀናባሪ ቢሊ ስትሬይሆርን እሷ ዘንድ ሄዶ የየዘፈኑን ኪ (ዘፈኑ የሚቆምበትን መነሻ ድምፅ) እና ቅንብር አብሯት ጨረሰ፤ ባንዱ ኒው ዮርክ ላይ ቀዳ፤ እሷም በኋላ ሎስ አንጀለስ ሆና በጆሮ ማዳመጫ እየሰማች በላዩ ዘፈነችበት። እንግዲህ የመጀመሪያው ጥያቄያችሁ «ማስትሮው መቼ ይመቻቸዋል?» ሳይሆን «ኖታውን በእጁ የሚጽፈው ማን ነው?» ይሁን። ስሙ አልበሙ ላይ በትልቁ የሚታተመው ሰውና ሌሊት ተቀምጦ የትራምፔቱን ክፍል የሚጽፈው ሰው ሁልጊዜ አንድ አይደሉም። የእናንተ ጉዳይ ከሁለተኛው ጋር ነው።

ኪ መምረጥ

ስቱዲዮ ከመግባታችሁ ቢያንስ ከ4 ሳምንት በፊት የእያንዳንዱ ዘፈን ኪ ይቆረጥ። ድምፃችሁን የምትለኩት ቀረጻው በሚደረግበት ሰዓት ነው። ጠዋት 2 ሰዓት ላይ ድምፅ ወፍራምና ዝቅ ያለ ስለሚሆን፣ ያኔ የተመረጠ ኪ ከሰዓት በኋላ ደብዛዛ ይሆናል። ከዘፈኑ ከፍ ብሎ የሚወጣውን ሐረግ ብቻ ነጥላችሁ 5 ጊዜ በተከታታይ በሙሉ ድምፅ ዝፈኑት። አምስተኛው ላይ ጉሮሮ ከጠበበ ግማሽ ቶን አውርዱና እንደገና ሞክሩ። ቀጥሎ ዝቅተኛውን ሐረግ በለሆሳስ ሞክሩት፤ ቃሉ ካልተሰማ ኪው ከልክ በላይ ወርዷል። ሁለቱም ካልታረቁ ችግሩ ኪው ላይ አይደለም፣ ዜማው ለድምፃችሁ ሰፊ ነው ማለት ነው። ያኔ አቀናባሪው አንዷን ሐረግ እንዲያሻሽል መጠየቅ ነውር የለበትም።

በቀረጻው ዕለት «ትንሽ ብናወርደው» ማለት ለምን ጣጣ እንደሚያመጣ ይህን ተመልከቱ። የትራምፔትና የሳክስፎን ኖታ የሚጻፈው ከሚሰማው ድምፅ በተለየ ኪ ነው፤ ዘፈኑ በሲ ሜጀር ከሆነ የትራምፔቱና የቴነር ሳክስፎኑ ወረቀት በዲ፣ የአልቶው ደግሞ በኤ የተጻፈ ነው። ግማሽ ቶን ወደ ቢ ሲወርድ ትራምፔቱ ዲ ፍላት፣ አልቶው ኤ ፍላት ላይ ይገኛል፤ ወረቀቱ ግን ያው የድሮው ነው። ተጫዋቾቹ በዓይናቸው እያዛወሩ ሲጫወቱ ስሕተቱ ይበዛል፣ ሰዓቱም ይነጉዳል። የግድ ከሆነ አንድ ሙሉ ቶን አውርዱት፤ በቢ ፍላት ትራምፔቱ ሲ፣ አልቶው ጂ ላይ ስለሚያርፉ እጅ ይቀላል። ከዚያ በላይ ከወረደ ግን የትንፋሽ መሣሪያዎቹ የተደራረበ ድምፅ ይጨልምና ቅንብሩ ራሱ እንደ አዲስ መጻፍ አለበት።

አነጋገሩም ቦታ አለው። ታላቁን ሰው በተጫዋቾቻቸው ፊት «ኪው አይመቸኝም» ማለት ግብግብ መጋበዝ ነው። በልምምድ ጊዜ ለብቻ ቀርቦ «ጋሼ፣ ይህችን ግማሽ ቶን ብታወርዱልኝ ቃሉ ይበልጥ የሚሰማ ይመስለኛል» ማለት ይሻላል። ቃሉን ምክንያት ያደረገ ጥያቄ እምብዛም አይገፋም።

በቅኝት ስትዘፍኑ

ሥራው ኢትዮ ጃዝ ከሆነ፣ ሙላቱ አስታጥቄ በከፈተው መንገድ፣ ዜማው በአምስት ድምፅ ቅኝት ይሄዳል፤ ከሥሩ ያለው ሃርመኒ ግን አሥራ ሁለቱንም ድምፆች ይጠቀማል። አደጋው እዚህ ላይ ነው። ሲ ላይ የቆመ ትዝታ ሜጀር ሲ፣ ዲ፣ ኢ፣ ጂ፣ ኤ ብቻ ነው። ፒያኖው ኤፍ ወይም ቢ ያለበት ኮርድ ሲነካ ጆሮ ይጎተትና ድምፃዊው ሳያውቀው እነዚያ ላይ ያርፋል። እያለፉ መንካት ጌጥ ነው፤ ኤፍ ላይ ተኝቶ መቆየት ግን ትዝታውን ተራ ሜጀር ያደርገዋል። አንቺሆዬ ከሁሉም ይከፋል። ከሲ ሲነሣ ሲ፣ ዲ ፍላት፣ ኤፍ፣ ጂ ፍላት፣ ኤ ስለሆነ ጂ ፍላቷን ከፍ አድርጎ ጂ ማለት የተለመደ ስሕተት ነው። መድኃኒቱ ኮርዱን ትቶ፣ ሲን ብቻ እንደ ድሮን (ሳይቋረጥ የሚሰማ ድምፅ) አስይዞ በየቀኑ 10 ደቂቃ ቅኝቱን ወደ ላይና ወደ ታች መዝፈን ነው።

ቫይብራፎን (በመዶሻ የሚመታ ባለ ብረት መሣሪያ) ካለ ደግሞ የተቃኘበትን ጠይቁ። ብዙዎቹ ከፋብሪካ ሲወጡ ኤ ድምፃቸው 442 ኸርዝ ላይ ነው፤ ኪቦርድ ግን እንደነገሩ 440 ላይ ይቀመጣል። ብረቱን ስቱዲዮ ውስጥ ማስተካከል አይቻልም። ኪቦርዱ ወደ 442 ይውጣ፣ ክራርና ማሲንቆም ካሉ ለዚያው ይቃኙ። ይህ ካልተደረገ ድምፃዊው በሁለቱ መካከል ሲዋልል ይውልና ጥፋቱ በእሱ ይላከካል።

ቃልና ምት

አማርኛ የሚጠብቅና የሚላላ ፊደል አለው፤ ዜማ ግን ይህን አያውቅም። «ገና» ሲጠብቅ በዓሉ ነው፣ ሲላላ ያልደረሰ ጊዜ። «አለ»ም እንዲሁ፤ ላልቶ ተናገረ፣ ጠብቆ ይኖራል ማለት ነው። ግጥሙን መጀመሪያ ያለ ዜማ፣ በባንዱ ምት ላይ ጮክ ብላችሁ አንብቡ። የሚጠብቀው ፊደል አጭር ኖታ ላይ ከወደቀ ወይም ቃሉ ይቀየር ወይም ኖታው ይረዝም።

ለ6/8 ችክችካ ክሊክ (በጆሮ ማዳመጫ የሚሰማ ምት ጠባቂ) ሲሠራ በባር 2 ጊዜ ብቻ እንዲመታ አድርጉ። 6 ጊዜ ከጮኸ ዘፈኑ እንደ ሰዓት ቆጣሪ ይደርቃል። እንዲያውም ጥሩ ድራመር ካለ ክሊኩን አጥፉት።

ከሶሎ በኋላ መግባት ብዙ ቀረጻ የሚበላሽበት ቦታ ነው። ሶሎው ክፍት ከሆነ ማን እንደሚጠራችሁ በልምምድ ይወሰን፦ ወይ የመጨረሻዎቹ 4 ባሮች ላይ ትንፋሾቹ የሚጫወቱት ሐረግ፣ ወይ የመሪው እጅ። ለእጅ ምልክቱ ከቆማችሁበት መሪው መታየት አለባቸው፤ ቁም ነገሩ ቀላል ይመስላል፣ ግን ማይክራፎኑ ከተተከለ በኋላ ነው የሚታወሰው።

ስቱዲዮ ውስጥ

አስቀድሞ መወሰን ያለበት ከባንዱ ጋር በአንድ ክፍል ነው ወይስ ለብቻ የሚለው ነው። በአንድ ክፍል ሲሆን ሕይወት አለው፣ ነገር ግን ድምፃችሁ በድራሙና በትንፋሾቹ ማይክራፎን ውስጥም ይገባል። በኋላ አንድ መስመር ልጠግን ብትሉ የድሮው ድምፅ ከጀርባ እንደ ጥላ ይሰማል። ስለዚህ ሙሉውን ዘፈን አስተካክሎ መድገም የማይችል ድምፃዊ የተለየ ክፍል ይጠይቅ፣ መስታወት ያለው ቢሆን ደግሞ ይመረጣል።

ከኮንደንሰር ማይክራፎን ከ15 እስከ 20 ሳንቲ ሜትር ራቁ፤ የንፋስ መከላከያው መካከል ላይ ይሁን። «ፐ» እና «ፈ» ንፋስ ይረጫሉ፤ ማይክራፎኑን ትንሽ ወደ ጎን ማዞር ይበጃል። «ጠ» እና «ጨ» ንፋስ ባይኖራቸውም ይፈነዳሉ፤ መሐንዲሱ አማርኛ የማይሰማ ከሆነ እነዚህ ፊደላት የመሣሪያ ስንጥቅጥቅ መስለውት ሊቆርጣቸው ይችላልና አስጠንቅቁት። ቀረጻው በ24 ቢት ሆኖ ከፍተኛው ድምፅ ከዜሮ በታች 6 ዲሲቤል ላይ ቢቆም በቂ ነው።

በጆሮ ማዳመጫው ውስጥ የራሳችሁ ድምፅ ከጎላ ሳታውቁት ድምፃችሁን ትቀንሱና ከትክክለኛው ኖታ በታች ትወርዳላችሁ፤ ካነሰ ትጮኻላችሁ፣ ከኖታው በላይም ትወጣላችሁ። ቤዝና ፒያኖ ጎልተው፣ ድራሙ ቀንሶ ይሰማችሁ። አንዱን ጆሮ ገልጦ መዝፈን ይረዳል፤ የተገለጠውን ማዳመጫ ግን ከጭንቅላት ጋር አጣብቁት፣ አለዚያ ክሊኩ ወደ ማይክራፎኑ ያፈስሳል።

ሙሉ ቴክ (ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አንድ ቀረጻ) 3 ወይም 4 ይበቃል። ከዚያ በኋላ የትንፋሽ ተጫዋቾች ከንፈር ይደክማል፣ ስሜቱም ይበርዳል። በዕለቱ ከባዱ ዘፈን ሁለተኛ ይቀዳ። በዋዜማው ምሽት አልጫ ይበላ፤ በርበሬ በዝቶ ሲተኙበት ጨጓራው ጉሮሮን ያቃጥላል። በጾም ወቅት እስከ 9 ሰዓት የምትጾሙ ከሆነ ቀጠሮውን ከ11 ሰዓት በኋላ አድርጉት፤ ባዶ ሆድ ትንፋሽ አይዝም።

ወረቀቱ

የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ለከዋኝም፣ ለድምፅ ሪከርዲንግ ፕሮዲውሰርም፣ ለሥራው አመንጪም የየራሳቸውን መብት ይሰጣል። ስለዚህ ከመጀመሪያው ቀረጻ በፊት ዜማው፣ ግጥሙ፣ ቅንብሩና ማስተሩ (የተጠናቀቀው ዋና ቅጂ) የማን እንደሆኑ በአራት የተለያዩ መስመሮች ይጻፍ። በልምምድ ላይ እናንተ የቀየራችኋት የዜማ ሐረግ ካለች ድርሻ አላት ወይስ የላትም የሚለውም እዚያው ይግባ። ሽፋኑ ላይ የማን ስም ይቀድማል የሚለውም በዚያው ወረቀት ይስፈር፤ ብዙ ጊዜ ኩርፊያ የሚመጣው ከገንዘቡ ይልቅ በእሱ ነው።