የመንግሥት ሠራተኛን ዝውውር ከግል ሁኔታው ጋር እንዴት ማመዛዘን ይቻላል?

የመንግሥት አገልግሎት ሕዝብ በሚኖርበት ሁሉ መድረስ ስላለበት ዝውውር የማይቀር ነው። ይሁን እንጂ ሠራተኛው በተነሣ ቁጥር ትዳሩ፣ የልጆቹ ትምህርትና የሚያስታምማቸው ወላጆቹ አብረው ይነካሉ። ዓለም አቀፉ የሥራ ድርጅት እ.ኤ.አ. በ1981 ያወጣው ምክረ ሐሳብ ቁጥር 165 ሠራተኞች ከአካባቢ ወደ አካባቢ ሲዛወሩ የቤተሰብ ኃላፊነታቸው፣ የትዳር ጓደኛቸው የሥራ ቦታና ልጆቻቸውን የማስተማር ዕድላቸው ግምት ውስጥ እንዲገባ ይላል። ከዚህ በታች ያሉት ደረጃዎች ውሳኔ ለሚሰጡ ኃላፊዎችና ለሰው ሀብት ባለሙያዎች የተጻፉ ቢሆኑም፣ የሚዛወረው ሠራተኛም ጥያቄውን ሊያዘጋጅባቸው ይችላል።

1. የሥራውን ፍላጎት፣ የማንም ስም ከመነሣቱ በፊት፣ በጽሑፍ ያስፍሩ። ክፍት የሆነው መደብ የትኛው እንደሆነ፣ ምን ዓይነት ሙያና ልምድ እንደሚጠይቅ፣ ያለ ሰው እስከ መቼ ሊቆይ እንደሚችል ይገለጽ። «ለሥራው ጥቅም ሲባል» የሚለው ሐረግ ብቻውን ምክንያት አይሆንም። ጥፋት የሠራ ሠራተኛ ካለ ጉዳዩ በዲሲፕሊን ሥርዓት ይታይ፤ ዝውውር የቅጣት መሣሪያ የሆነ ዕለት ሠራተኛው በቅን ልቦና የተወሰነውንም ማመን ያቆማል።

2. ፈቃደኞችን ያስቀድሙ። ክፍት መደቡን በማስታወቂያ ማሳወቅና እርስ በርስ ቦታ መለዋወጥ የሚፈልጉ ሠራተኞችን ማገናኘት ብዙ ክርክር ያስቀራል።

3. የግል ሁኔታን የሚመለከት መረጃ ሁሉም ሠራተኛ በአንድ ዓይነት ቅጽ፣ የዝውውር ስም ዝርዝር ከመዘጋጀቱ በፊት እንዲያቀርብ ያድርጉ። ስሙ ከወጣ በኋላ የሚቀርብ ማስረጃ፣ እውነት እንኳ ቢሆን፣ በጥርጣሬ ይታያል። የሕክምና ማስረጃ የበሽታውን ስም መዘርዘር አያስፈልገውም፤ ታማሚው ምን ዓይነት ክትትል፣ በምን ያህል ጊዜ ልዩነት እንደሚያስፈልገው ከገለጸ ለውሳኔ ይበቃል። ማህደሩን የሚያዩትም ውሳኔው የሚመለከታቸው ጥቂት ሰዎች ብቻ ይሁኑ።

4. ችግሩ በምን እንደሚፈታ ለይተው ያመዛዝኑ። ከሁሉ የሚከብደው ይህ ነው። አንዳንዱ ችግር ከቦታው ጋር የተያያዘ ነው፤ አንዳንዱ ጊዜ ሲያገኝ ይቃለላል፤ ሌላው በመኖሪያ ቤት ወይም በመጓጓዣ ድጋፍ ይፈታል። ለምሳሌ አንድ ራቅ ያለ ጤና ጣቢያ የላቦራቶሪ ባለሙያ ቢያጣና ሁለት እጩዎች ቢኖሩ፣ አንደኛዋ በሳምንት ሦስት ጊዜ የኩላሊት እጥበት የሚደረግላቸውን እናቷን ታስታምማለች፤ የሁለተኛው ልጅ ደግሞ የትምህርት ዓመቱን ለመጨረስ ሦስት ወር ይቀረዋል። በአዲሱ ቦታ የእጥበት አገልግሎት ከሌለ የመጀመሪያዋን ማዛወር እናትየውን ከሕክምናቸው ወይም ከልጃቸው መለየት ነው። የሁለተኛው ችግር ግን ሦስት ወር በመታገሥና ክፍተቱን በተራ በሚመደቡ ባለሙያዎች በመሸፈን ይፈታል። ሆኖም እሱ ከዚህ በፊት አስቸጋሪ ቦታ አገልግሎ የተመለሰ ከሆነ ሚዛኑ ይለወጣልና ሦስተኛ እጩ መፈለግ ተገቢ ነው።

ከአንዱ ላይ የተነሣ ሸክም ሌላው ትከሻ ላይ እንደሚያርፍ መዘንጋት አይገባም። ብዙውን ጊዜ ደጋግመው የሚላኩት ያላገቡና «ችግር የለባቸውም» የተባሉ ወጣቶች ናቸው፤ ይህ ግልጽ በደል ነው። ስለዚህ ማን የት፣ ለምን ያህል ጊዜ እንዳገለገለ የሚያሳይ መዝገብ ይያዝ፤ ከዝውውር ነፃ የማድረግ ውሳኔም የጊዜ ገደብ ይኑረው።

5. ደብዳቤው ከመውጣቱ በፊት ሠራተኛውን ጠርተው ያነጋግሩ። ደብዳቤው የዝውውሩን ምክንያት፣ ያቀረበው የግል ጉዳይ እንዴት እንደታየ፣ ሥራ የሚያስረክብበትን ቀን፣ የጓዝ ማጓጓዣ አበሉንና የቅሬታ ማቅረቢያ ጊዜውን ይያዝ።

6. ቅሬታውን ዝውውሩን ያልወሰነ አካል ይመልከተው፤ መልሱም ሠራተኛው ጓዙን ሳይጭን ይድረሰው። ልጆች ከትምህርት ቤት ወጥተው ቤት ከተለቀቀ በኋላ የሚመጣ «ቅሬታዎ ተቀባይነት አግኝቷል» የሚል ደብዳቤ ጉዳቱን አይመልስም።

7. የመመለሻ ጊዜን ገና ሲልኩ ይወስኑ። በአስቸጋሪ ቦታ የሚቆይበት ዘመን ተጽፎ በማህደሩ ይቀመጥ፤ ጊዜው ከመድረሱ ከወራት በፊትም የሰው ሀብት ክፍሉ፣ ሠራተኛው ማመልከቻ እስኪያስገባ ሳይጠብቅ፣ ተተኪውን መፈለግ ይጀምር።