ሩላደን፦ ሥጋው እንዳይደርቅ፣ ሶሱ እንዳይቀጥን

የጀርመኖች ሩላደን ሰናፍጭ ተቀብቶ፣ ሽንኩርት፣ ቤከን (በጨውና በጭስ የተዘጋጀ የአሳማ ሥጋ) እና በኮምጣጤ የተቀመጠ ኪያር ተሞልቶ የሚጠቀለል ስስ የበሬ ሥጋ ነው። እኔ ቤት ሲሠራ ሥጋው ጫማ ይሆን ነበር፤ ሶሱ ደግሞ ውሃ። አሁን ሁለቱም ተስተካክለዋል።

የሥጋው ጣጣ እሳቱ ነበር። ሥጋው የሚቆረጠው ከታፋ ስለሆነ ብዙ ስብ የለውም። ድስቱ ሲንፈቀፈቅ ይኮማተርና ውሃውን ይተፋል። እሳቱን ቀንሱ፣ ክዳኑን ግጠሙ፣ ከ1 ሰዓት ተኩል እስከ 2 ሰዓት ለሚሆን ጊዜ ቀስ እያለ ይንተክተክ። ጠንካራው ጅማት ወደ ጄላቲን (ለስላሳና ዝልግልግ ነገር) የሚለወጠው በጊዜ ብቻ ነው። ሹካ ያለ ትግል ካልገባ ገና ነው። የቸኮለ ሰው እንቁላል ይጥበስ።

ሶሱ ግን ጣዕሙን የሚያገኘው ከድስቱ ታች ነው። ጥቅሎቹን በስቴኪኒ ያዙና በወረቀት አድርቋቸው፤ እርጥብ ሥጋ አይጠበስም፣ ይቀቀላል። በጋለ ዘይት ዙሪያቸው ቡናማ እስኪሆን ጥበሷቸውና አውጧቸው። እዚያው ድስት ላይ ሽንኩርት፣ ካሮትና ሴለሪ አቁላሉ። የቲማቲም ድልህ ጨምራችሁ ቀለሙ ጠቆር እስኪል አማስሉ። ቀይ ወይን አፍስሱና የተጣበቀውን ፋቁ። ጥቅሎቹን መልሱና መረቅ ጨምሩ። መረቁ እስከ ግማሻቸው ከደረሰ ይበቃል፤ ሶሱን ያቀጠነው እነሱን ማስጠሙ ነበር። በመጨረሻ አጥልሉት። አሁንም ከቀጠነ በቀዝቃዛ ውሃ የተበጠበጠ ስታርች ይጨመር።

አሳማ ለማይበላ በጭስ የደረቀ የበሬ ሥጋ ይሆናል፤ የቤከኑን ስብ እንዲተካ ትንሽ ቅቤ ጣል አድርጉበት። ከቀይ ጥቅል ጎመንና ከተቀቀለ ድንች ጋር ይቀርባል።