በኦንላይን የሚና ጨዋታ ውስጥ የቦት (በሰው ምትክ የሚጫወት ፕሮግራም) መብዛት፦ ችግሩና መፍትሄው

ምልክት፦ የማዕድንና የዓሣ ዋጋ በጨዋታው ገበያ ያለ በቂ ምክንያት ይወርዳል። ስማቸው የፊደልና የቁጥር ቅልቅል የሆነ ገጸ ባሕርያት አንድ ዐለት ከበው ሌት ተቀን ይቆፍራሉ፤ ሰላም ቢሏቸውም አይመልሱም።

መንስኤ፦ ቀላሉ ቦት የስክሪኑን ቀለም እያነበበ ማውሱን የሚያንቀሳቅስ ስክሪፕት (አጭር ፕሮግራም) ነው። የረቀቀው ግን ጨዋታውን ጨርሶ ሳይከፍት ለሰርቨሩ (ጨዋታውን ለሚያስተናግደው ማዕከላዊ ኮምፒውተር) በቀጥታ ትእዛዝ ስለሚልክ፣ በተጫዋቹ ኮምፒውተር ላይ የሚደረግ ፍተሻ አያገኘውም።

መፍትሄ፦ በሰርቨሩ መዝገብ ላይ በአንዱ ክሊክና በቀጣዩ መካከል ያለውን ጊዜ መመርመር ነው። ሰው ባብዛኛው በተቀራረበ ፍጥነት ይጫንና፣ ሲሰለቸው ወይም ስልክ ሲያነሳ ረጅም ክፍተት ይተዋል። በዘፈቀደ እንዲዘገይ የተጻፈ ቦት ግን፣ ለምሳሌ ከ600 እስከ 900 ሚሊሰከንድ ከተፈቀደለት፣ ክፍተቶቹን በዚያ ክልል ውስጥ እኩል ይበትናል፤ በግራፍ ሲሳል 900 ላይ እንደ ግድግዳ ቀጥ ብሎ ይቆማል። የጨዋታ ሰዓት ብዛትን ብቻ አይቶ ማገድ ግን ትጉህ ተጫዋችን ይጎዳል፤ ስለዚህ ይግባኝን ሰው ሊያየው ይገባል።

ምልክት፦ የታገደው በማግስቱ በሌላ ስም ይመለሳል።

መንስኤ፦ ቅጽበታዊ እገዳ ቦቱን ያጋለጠው ምን እንደሆነ ለሠሪው ይነግረዋል። በዚያ ላይ ቦቱ ያገኘው ወርቅ፣ ማለትም የጨዋታው ገንዘብ፣ አስቀድሞ ወደ ሌላ አካውንት ስለተላለፈ፣ የታገደው አካውንት ባዶ ቀፎ ነው።

መፍትሄ፦ የተለዩትን መዝግቦ ማቆየትና በአንድ ቀን በጅምላ ማገድ፣ ከሁሉም በላይ ግን የወርቁን መንገድ ተከትሎ ተቀባዩን መያዝ ነው።

ምልክት፦ ይህ ሁሉ ተደርጎም ችግሩ ያገረሻል።

መንስኤ፦ እዚህ ላይ ጥፋቱ በእኔ እምነት የጨዋታው ነው፤ አንድን ድርጊት ሺህ ጊዜ ለደገመ የሚከፍል ሥርዓት ማሽንን ይጋብዛል።

መፍትሄ፦ ሩንስኬፕ የተባለው የኦንላይን ጨዋታ ባለቤት፣ ጃጌክስ የተባለው ኩባንያ፣ በ2007 እ.ኤ.አ. መጨረሻ በተጫዋቾች መካከል የሚደረገውን ነፃ ንግድ በጥብቅ ገደበ። የጨዋታውን ወርቅ በእውነተኛ ገንዘብ የሚሸጡት ቢጎዱም ለጓደኛው ስጦታ መስጠት የሚፈልገውም አብሮ ታሠረ፤ በ2011 መጀመሪያ ከተጫዋቾች ድምፅ በኋላ ነፃ ንግዱ ተመለሰ። ስለዚህ ገደቡን በሁሉም ላይ ከመጫን ይልቅ፣ አዲስ አካውንት በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት ያወጣውን ማዕድን ራሱ እንዲጠቀምበት እንጂ እንዳይሸጠው ማድረግ ይሻላል።