የመኪና አደጋ ካሳ ለምትጠይቁ፦ ደረሰኙን ዛሬውኑ ፎቶ አንሱት

በመኪና አደጋ ተጎድታችሁ ካሳ የምትጠይቁ ከሆነ፣ የመድኃኒትና የምርመራ ደረሰኞችን ፌስታል ውስጥ ማጠራቀም ብቻውን አይበቃም። አብዛኛው የማሽን ደረሰኝ የሚታተመው በቀለም ሳይሆን በሙቀት ነው። ወረቀቱ ላይ የተቀባው ኬሚካል ሙቀት ሲነካው ይጠቁራል፤ ያው ጽሑፍ ፀሐይና ፕላስቲክ ሲያገኘው ደግሞ እየደበዘዘ ይሄዳል። ጉዳዩ ወራት ፈጅቶ ማስረጃ አምጡ ስትባሉ በእጃችሁ የሚቀረው ባዶ ነጭ ወረቀት ሊሆን ይችላል።

ስለዚህ በተቀበላችሁበት ዕለት ፎቶ አንሱትና ለራሳችሁ በኢሜይል ላኩት። ቀኑ አብሮ ይመዘገባል፣ ስልካችሁ ቢጠፋም ፎቶው አይጠፋም። ዋናውን በወረቀት ፖስታ አድርጋችሁ ጨለማ ቦታ አስቀምጡት። ላሚኔት እንዳታስደርጉት! የማሽኑ ሙቀት ወረቀቱን ሙሉ በሙሉ ሊያጠቁረው ይችላል።

ኢሜይሉ ላይ ሁለት መስመር ጨምሩበት፦ የት ሄዳችሁ፣ ለትራንስፖርት ስንት ከፈላችሁ፣ ከሥራ ስንት ሰዓት ቀራችሁ፣ ያን ቀን ምን ማድረግ አቃታችሁ («ደረጃ መውጣት አልቻልኩም» ዓይነት)። ቶሎ የሚረሱት ደረሰኝ የሌላቸው እነዚህ ናቸው። በዕለቱ የተጻፈ ማስታወሻ ደግሞ ከዓመት በኋላ ከሚነገር ትዝታ ይልቅ ይታመናል።

ማስታወሻው በክርክር ጊዜ ለሌላው ወገንም ሊታይ ስለሚችል አታጋንኑ፤ የተሻላችሁንም ቀን «ዛሬ ተሽሎኛል» ብላችሁ ጻፉ። ከጠበቃ ጋር የምትነጋገሩትን ግን እዚያ ውስጥ አትቀላቅሉት።