የስልክን ኢንተርኔት ለላፕቶፕ ማጋራት፣ ፓኬጁን ሳያስበሉ

ሐዋሳ ላይ መብራት ሲጠፋ መጀመሪያ የሚሞተው ዋይፋዩ ነው። ላፕቶፑ ባትሪ አለው፣ ራውተሩ የለውም። ታቦር አካባቢ ቤት ከተከራየሁ ወዲህ በስልኬ ዳታ መሥራት ለምጃለሁ። ነገሩ ቀላል ነው፤ አንድ ቦታ ላይ ግን ሰው ይቃጠላል።

ፓኬጅ ገዝቶ ዳታ ማብራቱን ታውቁታላችሁ። ብቻ የማኅበራዊ ሚዲያ ፓኬጅ ለላፕቶፕ ሥራ አይሆንም፤ መደበኛውን ግዙ።

ከዚያ የስልኩ ሴቲንግስ ውስጥ ሆትስፖት የሚለውን ፈልጉ፤ የስልኩን ዳታ እንደ ዋይፋይ የሚያሰራጨው እሱ ነው። ከማብራታችሁ በፊት ስሙንና ፓስዎርዱን ቀይሩ። ስልክ ቁጥራችሁን ስም አታድርጉት። ሴኪዩሪቲው ላይ ኦፕን የሚለውን እንዳትመርጡ። ፓስዎርዱ ቢያንስ 8 ፊደል ይፈልጋል፤ 12345678 ግን በር ከፍቶ መተኛት ነው። ሲሙ በስማችሁ ነው የተመዘገበው። ሌላ ሰው ገብቶበት የሠራው ሁሉ ዱካው ወደ እናንተ ነው።

ላፕቶፑ ላይ ስሙን ነክታችሁ ግቡ። ስሙ ካልታየ የስልኩ ሆትስፖት ሴቲንግስ ውስጥ የዋይፋዩን ሞገድ ከ5 ጊጋኸርዝ ወደ 2.4 አውርዱት። አይፎን ላይ ማክሲማይዝ ኮምፓቲቢሊቲ የሚለውን ማብራት ነው።

አሁን ምንም ነገር ሳትከፍቱ ቆዩ። አንድ ማታ ሲቪ ልልክ 2 ጊጋ ገዛሁ። ሲቪው ግማሽ ሜጋ አይሞላም። ላፕቶፑን አገናኝቼ ሻይ ላፈላ ሄድኩ። ስመለስ ስልኬ ላይ ፓኬጁ አልቋል የሚል መልእክት ጠበቀኝ። ሲቪው ገና አልተላከም። ኮምፒውተሩ ለካ ለወራት ያላገኘውን አፕዴት ሁሉ እያወረደ ኖሯል። ምን ያድርግ? የቤት ይሁን የስልክ፣ ለእሱ ሁሉም ዋይፋይ ነው። መንገር የነበረብኝ እኔ ነኝ።

የሚነገረው እንዲህ ነው። ዊንዶውስ 10 ወይም 11 ላይ ሴቲንግስ፣ ኔትወርክ ኤንድ ኢንተርኔት፣ ዋይፋይ እያላችሁ የተገናኛችሁበትን መስመር ፕሮፐርቲስ ክፈቱ። ሚተርድ ኮኔክሽን የሚለውን አብሩ፤ ይህ ኢንተርኔት በልክ ነው፣ ቆጥብ ማለት ነው። ያኔ አብዛኛው አፕዴት በራሱ መውረዱን ያቆማል፤ ፋይላችሁን ኢንተርኔት ላይ የሚያስቀምጠው ወንድራይቭም መላኩን ይተዋል።

ሁለት ወጥመድ አለ። ላፕቶፑ ይህን የሚያስታውሰው በሆትስፖቱ ስም ነው፤ ስሙን ከቀየራችሁ እንደገና ማብራት አለባችሁ። በገመድ ስታገናኙ ደግሞ ኢተርኔት ሆኖ ስለሚታይ እዚያም ለብቻው ይበራል። እናንተው የከፈታችሁትን ቪዲዮ ግን ማንም አያስቆምላችሁም።

እኔ ገመዱን እመርጣለሁ። አንድሮይድ ከሆነ ስልኩን በዩኤስቢ ሰክታችሁ ዩኤስቢ ቴዘሪንግ የሚለውን ማብራት ብቻ ነው። ጎረቤት አይገባበትም፣ ስልኩም ቻርጅ ይደረጋል። መብራት በሌለበት ግን ቻርጁ ከላፕቶፑ ባትሪ መሆኑን አትርሱ። ፒያሳ መንገድ ዳር ከሚሸጡት ርካሽ ገመዶች አንዳንዶቹ ቻርጅ እንጂ ዳታ አያሳልፉም፤ ሞክራችሁ ግዙ። ብሉቱዝም ይሠራል ይባላል፤ ኤሊ ነው፣ ተዉት።

ስትጨርሱ ሆትስፖቱን አጥፉ። ፓስዎርዱን ለእንግዳ ከሰጣችሁ ደግሞ ሲሄድ ቀይሩት። የአክስቴ ልጅ ቻው ብሎኝ ከወጣ በኋላ የግቢው በር ላይ ቆሞ ቪዲዮውን ሲጨርስ አግኝቼዋለሁ።