ከትዳር ጓደኛዎ ጋር ተለያይተዋል? ቀለብ እንዲህ ይጠየቃል

ቀለብ ሲባል ብዙ ሰው የልጅ ብቻ ይመስለዋል። ባልና ሚስትም እርስ በርስ የመረዳዳት ግዴታ አለባቸው፤ ቤት ጥሎ መውጣት ግዴታውን አያስቀረውም። እዚህ የምጽፈው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ (አዋጅ ቁጥር 213/1992) በሚሠራባቸው በአዲስ አበባና በድሬዳዋ ለሚኖሩ ነው። ክልል ያላችሁ የክልላችሁን የቤተሰብ ሕግ እዩ።

ጊዜው አይለፍዎ። ከሁሉም የሚበልጠው ይሄ ነው። የዚህ ሕግ አንቀጽ 82 የፍቺ ጥያቄ የቀረበለት ፍርድ ቤት ስለ ተጋቢዎቹ ቀለብ፣ ስለ ልጆቹ አያያዝና ስለ ንብረቱ አስተዳደር ወዲያው ትዕዛዝ እንዲሰጥ ያዛል። ስለዚህ የባልና ሚስት ቀለብ የሚጠየቀው የፍቺው መዝገብ ክፍት ሳለ፣ ማለትም ውሳኔ ሳያገኝ ነው። ፍቺው ከተወሰነ በኋላ እንደ ፈረንጅ አገር በየወሩ ይቆረጥልኛል ብለው አይጠብቁ። ያኔ የሚቀረው የንብረት ክፍፍል፣ የልጆች ቀለብ፣ ምናልባትም ለፍቺው ምክንያት የሆነው ወገን የሚከፍለው ካሳ ነው። ዛሬ ነገ እያሉ ተለያይቶ ዓመታት መቆየትም ጣጣ አለው፤ የሥር ፍርድ ቤቶችን የሕግ ስህተት የሚያርመው ሰበር ሰሚ ችሎት እንዲህ ያለውን ጋብቻ «በተግባር ፈርሷል» ያለበት ጊዜ አለ።

ወረቀት ይሰብስቡ። የጋብቻ ማስረጃ፣ የልጆች የልደት ሰርተፍኬት፣ የሌላውን ወገን ገቢ የሚያሳይ ነገር። የደመወዝ ደብዳቤ ካላገኙ አይጨነቁ። የመሥሪያ ቤቱን ስምና አድራሻ ይጻፉና ፍርድ ቤቱ ራሱ ጠይቆ እንዲያስቀርብልዎ ያመልክቱ። ነጋዴ ከሆነ የንግድ ፈቃዱ ወይም የሚያከራየው ቤት ውል ይጠቅማል።

ወጪዎን ይዘርዝሩ። «ተቸግሬአለሁ» ብቻ ማለት ዳኛውን አያግዝም። ለምሳሌ እንዲህ ይጻፉ፦ የቤት ኪራይ 7,000፣ አስቤዛ 5,000፣ ትራንስፖርት 1,200፣ የግፊት መድኃኒት 800፣ በድምሩ 14,000 ብር። የልጆቹን ለብቻ። ዳኛው የሚመዝነው ሁለት ነገር ነው፤ የእርስዎን ችግርና የከፋዩን አቅም። 10,000 ብር ደመወዝተኛ ላይ 14,000 መጠየቅ ግን ራስን ማስገመት ነው። ባልም ከሚስቱ መጠየቅ ይችላል፤ ሕጉ ጾታ አይለይም።

አቤቱታውን ያስገቡ። በፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት የቤተሰብ ችሎት ነው የሚቀርበው። ከፍቺው ጥያቄ ጋር ይህን የመሰለ ዓረፍተ ነገር ይግባበት፦ «መዝገቡ ውሳኔ እስኪያገኝ ተጠሪ በወር ይህን ያህል ብር ቀለብ እንዲቆርጡልኝ ትዕዛዝ ይሰጥልኝ።» ፍርድ ቤት በር ላይ አቤቱታ የሚጽፍልዎ ጸሐፊ ቢረሳው እርስዎ አይርሱት። ፍርድ ቤቱ ለእርቅ እስከ ሦስት ወር የማሰላሰያ ጊዜ ሊሰጥ ይችላል፤ ሆድ ግን ቀጠሮ አያውቅም። ለዳኝነት የሚከፍሉት ከሌለዎት በደሃ ደንብ ለመክሰስ ያመልክቱ። የኢትዮጵያ ሴቶች የሕግ ባለሙያዎች ማህበርና የዩኒቨርሲቲዎች የሕግ ድጋፍ ማዕከላት በነፃ ያግዛሉ።

በሽማግሌ ከተስማማችሁም እሰየው፤ ብቻ ስምምነቱ በጽሑፍ ሆኖ መዝገብ ላይ ይስፈር።

ትዕዛዙ ከወጣ በኋላ ማኅተም ያረፈበትን ግልባጭ ይውሰዱ። ከፋዩ ደመወዝተኛ ከሆነ ከደመወዙ ተቆርጦ እንዲገባልዎ ለመሥሪያ ቤቱ እንዲጻፍ ይጠይቁ። ካልሆነም በባንክ ይሁን፤ በእጅ የተሰጠ ብር በኋላ «ሰጥቻለሁ፣ አልሰጠኸኝም» ያመጣል። እምቢ ካለ ትዕዛዙ በግድ እንዲፈጸም የሚጠየቅበትን የአፈጻጸም መዝገብ ይክፈቱ። ያለ በቂ ምክንያት ቀለብ አለመክፈል በወንጀል ሕጉም ያስጠይቃል። ውዝፉን ግን አያከማቹ፤ ሳይጠየቅ ሦስት ወር ያለፈው ሊያመልጥዎ ይችላል። ኪራይ ከጨመረ ወይም ከፋዩ ከሥራ ከወጣ መጠኑ እንዲሻሻል ሁለቱም ማመልከት ይችላሉ።